አንድ ስም፣ ብዙ ኑሮ፦ የኢትዮጵያ ኤሊዎችና መኖሪያቸው

ለሕዝብ ክፍት በሆነ መድረክ የቀረበ ገለጻ፣ ሙሉ ቃል



ገለጻዬን በአንድ ጥያቄ ልጀምር። ሁለት ወጣቶች በቆጋ የመስኖ ቦይ ዳር ሲሄዱ መንገድ ላይ አንዲት ኤሊ አገኙ እንበል። አንደኛው «ውኃ ጠምቷት ይሆናል» ብሎ አንሥቶ ወደ ጥልቁ ኩሬ ይጥላታል። ሁለተኛው ግን «መኪና እንዳይረግጣት» ብሎ ወደ ቤቱ ይወስድና በግቢው ሣር ላይ ይለቃታል። ሁለቱም ክፉ አላሰቡም። ነገር ግን ከሁለቱ አንዱ ሳያውቅ ገዳይ ሆኗል። የትኛው እንደ ሆነ ለመናገር ግን የኤሊዋን ዓይነት ማወቅ ያስፈልጋል።

የየብስ ኤሊ ዋና አይችልም፤ ጥልቅ ውኃ ውስጥ ከገባ ይሰጥማል። የውኃ ኤሊ ደግሞ ውኃ በሌለበት ደረቅ ግቢ ውስጥ መመገብ ስለሚያዳግተው፣ አጥር ውስጥ ሲንከራተት ቀስ በቀስ ይመነምናል። በአማርኛ ሁለቱንም «ኤሊ» እንላቸዋለን። ለዕለት ንግግር አንድ ስም ይበቃል። ይሁን እንጂ ከዚህ ስም ጀርባ የበረሃ፣ የቁጥቋጦ ምድር፣ የትልቅ ወንዝና የረግረግ ነዋሪዎች ተደብቀዋል። ዛሬ ላስረዳ የምሻው ይህንን ነው፦ ኤሊን ማወቅ ማለት አገሩን ማወቅ ማለት ነው፤ ኤሊን መጠበቅም አገሩን መጠበቅ ነው።

ሁሉንም የሚያስተባብራቸው ቅርፊት

ልዩነታቸውን ከማየታችን በፊት አንድነታቸውን እንመልከት። በዓለም ላይ ከ350 የሚበልጡ የኤሊ ዝርያዎች ይታወቃሉ። ሁሉም ቅርፊት አላቸው። ቅርፊት ቀንድ አውጣ ከሚሸከመው ዛጎል ጋር የሚመሳሰል ይመስለን ይሆናል፤ ነገሩ ግን ሌላ ነው። የኤሊ ቅርፊት የገዛ አጥንቱ ነው። የጎድን አጥንቶቹና የጀርባ አጥንቱ ሰፍተውና ተጋጥመው የጀርባውን ጣሪያ ሠርተዋል፤ ከሥር ደግሞ የደረት ቅርፊት ይገጥመዋል። በላዩ ላይ የምናያቸው ምስል ያላቸው ሰሌዳዎች የኛ ጥፍር ከተሠራበት ዓይነት ቁስ የተሠሩ ናቸው። ስለዚህ ኤሊ ከቅርፊቱ መውጣት አይችልም። ቅርፊቱ ሲነካ ይሰማዋል፤ ሲሰበር ወይም ሲበሳ ይቆስላል። ገመድ ለማሰር ብሎ ቅርፊትን መብሳት የሕያው እንስሳ አጥንትን መብሳት ነው።

ይህ አሠራር እጅግ ጥንታዊ ነው። በቻይና የተገኘው ኦዶንቶኬሊስ የተባለው ቅሪተ አካል 220 ሚሊዮን ዓመት ያህል ዕድሜ አለው። የደረቱ ቅርፊት ሙሉ ነበር፤ የጀርባው ግን ገና አልተሟላም።

ኤሊዎች ሌላም የሚጋሩት ጠባይ አላቸው፤ የሰውነታቸውን ሙቀት በአመዛኙ ከአካባቢያቸው ያገኛሉ። ፀሐይ ካልሞቃቸው የበሉት ምግብ በቅጡ አይፈጭላቸውም። እንቁላላቸውን አይታቀፉም፤ አፈር ቆፍረው ይቀብሩታል፣ የሚታቀፈውም የምድሩ ሙቀት ነው። በብዙዎቹ ዝርያዎች ጫጩቱ ሴት ወይም ወንድ የሚሆነው እንኳ በጎጆው አፈር ሙቀት መጠን ነው። እንግዲህ ለኤሊ ቦታ ማለት መቆሚያ ብቻ አይደለም፤ ምግብ ማብሰያው፣ እናቱና የትውልዱ ሚዛን ጭምር ነው።

ከበረሃ እስከ ደጋ

የአገራችን ገበሬ ምድሩን በረሃ፣ ቆላ፣ ወይና ደጋ፣ ደጋና ውርጭ ብሎ ሲከፍል ኖሯል። ይህ ክፍፍል ለጤፍና ለገብስ ብቻ ሳይሆን ለኤሊም ይሠራል። ከቡሬ ተነሥቶ ወደ ነቀምት የሚሄድ መንገደኛ ከ2,000 ሜትር አካባቢ ከፍታ ወደ ዓባይ ሸለቆ ሲወርድ ኮቱን አውልቆ መስኮት ይከፍታል። በአማካይ 1,000 ሜትር በወረድን ቁጥር ሙቀቱ 6 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ይጨምራል። ለእኛ ይህ ልብስ የመለወጥ ጉዳይ ነው። እንቁላሉን አፈር ውስጥ ቀብሮ ለሚሄድ እንስሳ ግን የመራባትና ያለመራባት ጉዳይ ነው። በዚህም ምክንያት የአገራችን ታላላቅ የየብስ ኤሊዎች የቆላና የበረሃ ልጆች ናቸው።

ሦስት የየብስ ኤሊዎች

የየብስ ኤሊን ለመለየት እግሩን ተመልከቱ። እግሩ እንደ ዝሆን እግር ቀጥ ያለ ዓምድ ነው፤ ጣቶቹ ተለይተው አይታዩም፣ በመካከላቸውም ቆዳ የለም። ቅርፊቱ አብዛኛውን ጊዜ እንደ ጉልላት ከፍ ያለ ነው።

የመጀመሪያው ሴንትሮኬሊስ ሱልካታ ይባላል። በጭኖቹ ላይ ጠንካራ የእሾህ ጉጦች ስላሉት ባለ እሾህ ጭን ልንለው እንችላለን። በዋና ምድር ላይ ከሚኖሩ የየብስ ኤሊዎች ሁሉ ትልቁ እርሱ ነው፤ በዓለምም ከየብስ ኤሊዎች የሚበልጡት የጋላፓጎስና የአልዳብራ ደሴቶች ግዙፍ ኤሊዎች ብቻ ናቸው። ያደገ ወንድ ከ80 ሴንቲ ሜትር በላይ ርዝመትና ከ100 ኪሎ ግራም በላይ ክብደት ሊኖረው ይችላል። አገሩ ከሴኔጋል ተነሥቶ ከሰሃራ በረሃ በስተ ደቡብ የሚዘረጋው ደረቅ መቀነት ሲሆን፣ የምሥራቅ ጫፉ ኢትዮጵያና ኤርትራን ይነካል።

ይህን የሚያህል እንስሳ ጥላ በጠፋበት ምድር እንዴት ይኖራል? መልሱ ከመሬት በታች ነው። ጠንካራ የፊት እግሮቹን እንደ አካፋ ተጠቅሞ ብዙ ሜትር የሚዘልቅ ጉድጓድ ይቆፍራል። ውጭው በሚነድበት ሰዓት የጉድጓዱ ውስጥ ቀዝቃዛና እርጥበት ያለው ነው። ይህ ኤሊ በቆዳው ቀለም አሸዋ ይመስላል፤ ውኃንም ከሚበላው ሣርና ተክል ይቆጥባል። የተተወውን ጉድጓድ ሌሎች ትናንሽ እንስሳት ይጠለሉበታል፤ ስለዚህ እርሱ ሲጠፋ ቤት አልባ የሚሆኑት ብዙ ናቸው። ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ለመጥፋት ከተቃረቡት ዝርያዎች ተርታ መድቦታል። ዋናዎቹ ምክንያቶች የግጦሽ መሬት መራቆትና ለቤት እንስሳነት መለቀም ናቸው።

ሁለተኛው ስቲግሞኬሊስ ፓርዳሊስ ነው። ቢጫማ ቅርፊቱ በጥቁር ነጠብጣብ የተዥጎረጎረ ስለ ሆነ ስሙ ከነብር የተወሰደ ነው። በስምጥ ሸለቆ፣ በአዋሽ አካባቢ፣ በደቡብና በምሥራቅ የአገራችን ቆላዎች ይኖራል፤ ከዚያም እስከ ደቡብ አፍሪቃ ይዘልቃል። እንደ መጀመሪያው ጉድጓድ አይቆፍርም። ቁጥቋጦ ሥር ይጠለላል፣ ወይም ሌላ አውሬ ቆፍሮ በተወው ጉድጓድ ይገባል። ሣር፣ እሾሃማ ቅጠልና የቁልቋል ፍሬ ይበላል፤ ለቅርፊቱ የሚያስፈልገውን ካልሲየም ለማግኘት ደረቅ አጥንትና የጅብ ኩስ ሳይቀር ይቆረጥማል። የበላውን ፍሬ ዘር ሩቅ ወስዶ ስለሚጥል የቁጥቋጦ ምድር ዘሪ ነው ማለት ይቻላል። የቅርፊቱ ዝንጉርጉርነት እኛን ቢያስደንቀንም፣ ብርሃንና ጥላ በተሰበጣጠረበት ሣር መካከል ሲሆን ከዓይን የሚሰውር ልብስ ነው።

ሦስተኛው ኪኒክሲስ ቤሊያና ከሁለቱ ያንሳል። ልዩ ምልክቱ በጀርባው ቅርፊት የኋለኛ ክፍል ላይ ያለው ማጠፊያ ነው። ጠላት ሲመጣ የኋላ እግሮቹን ወደ ውስጥ ሰብስቦ ቅርፊቱን እንደ በር ወደ ታች ይዘጋል። ከበረሃው ይልቅ ዝናብ የሚያገኘውን የሣርና የዛፍ ምድር ይመርጣል፤ ከቅጠል ሌላ እንጉዳይ፣ ቀንድ አውጣና ትላትልም ይበላል። ደረቁ ወራት ሲመጣ ተሸሽጎ ያንቀላፋል።

የውኃ ኤሊዎች

ወደ ውኃው ስንሻገር እግሩ ይለወጣል። ጣቶቹ ይለያያሉ፣ በመካከላቸው ቆዳ ይዘረጋል፣ ጥፍሮቹ ይረዝማሉ። ቅርፊቱም ውኃ እንዳይገታው ጠፍጠፍ ይላል።

በኦሞ ወንዝና በቱርካና ሐይቅ እንዲሁም በናይል ተፋሰስ ትላልቅ ወንዞች የሚኖረው ትሪዮኒክስ ትሪዩንጉዊስ ከሁሉም የተለየ ነው። ቅርፊቱ በጠንካራ ሰሌዳ ፈንታ በቆዳ የተሸፈነ ነው። አፍንጫው እንደ ቀጭን ቱቦ ወደ ፊት ወጥቷል። በአሸዋ ውስጥ ተቀብሮ ይህን ቱቦ ብቻ ወደ ውኃው ወለል አውጥቶ ይተነፍሳል። አሳ፣ ቀንድ አውጣና ጥንብ ይመገባል፤ ሲያዝም ክፉኛ ይናከሳል። የእርሱ አገር ሰፊና ሞቃት የቆላ ወንዝ ነው። በዋቢ ሸበሌ ተፋሰስ ደግሞ ፔሉሲዮስ የተባለ ወገን አለ፤ መለያውም በደረቱ ቅርፊት ላይ ያለው ማጠፊያ ነው።

እዚህ ላይ ለጎጃም ተማሪ የሚጠቅም አንድ ማስጠንቀቂያ አለ። የቆጋ ውኃ ወደ ግልገል ዓባይ፣ ግልገል ዓባይ ወደ ጣና፣ ጣናም ወደ ዓባይ ይፈሳል። ስለዚህ «የናይል እንስሳ ሁሉ የቆጋም እንስሳ ነው» ብሎ መደምደም ይቃጣን ይሆናል። ነገር ግን 40 ሜትር ያህል የሚወርደው የጢስ ዓባይ ፏፏቴ የላይኛውን ውኃ አሳዎች ከታችኛው ለይቷቸዋል፤ ጣናም የራሱ የሆኑ የአሳ ዝርያዎች ያፈራው በዚህ መለያየት ነው። አንድ ተፋሰስ መሆን አንድ መኖሪያ መሆን አይደለም።

እንግዲህ እንደ ቆጋ ላለ ውኃ፣ ማለትም ለቀሰስተኛው፣ ለጭቃማው፣ ሣር ለከበበው፣ በክረምት ሞልቶ በበጋ ለሚሸሸው ረግረግ የሚመጥነው ኤሊ የትኛው ነው? ፔሎሜዱሳ የተባለው ወገን ነው። ከሰሃራ በስተ ደቡብ ባለው አብዛኛው አፍሪቃ ይገኛል። ብዙ ጊዜ ከ20 ሴንቲ ሜትር አይበልጥም። ቅርፊቱ ጠፍጣፋና ጭቃ መሳይ፣ ከአገጩ ሥር ሁለት ትናንሽ ጢሞች ያሉት፣ የደረቱ ቅርፊት ማጠፊያ የሌለው ነው። ሲፈራ ራሱን ቀጥታ ወደ ኋላ አይሰበስብም፤ አንገቱን ወደ ጎን አጥፎ ከቅርፊቱ ጠርዝ ሥር ይሸሽገዋል። ከያዙት ደግሞ የሚከረፋ ፈሳሽ ይረጫል።

ይህ ኤሊ የኩሬ ጽዳት ሠራተኛ ነው። የነፍሳት እጭ፣ ቀንድ አውጣ፣ የእንቁራሪት ግልገልና ጥንብ ይበላል። ትላልቅ እንስሳት ውኃ ሊጠጡ ሲገቡ ከቆዳቸው ላይ መዥገር ሲለቅም ታይቷል። ኩሬው ሲደርቅ በጭቃው ውስጥ ተቀብሮ ዝናብ ይጠብቃል። የመጀመሪያው ዝናብ ሲወርድ ወጥቶ በየብስ ይጓዛል፤ ከውኃ ርቆ መንገድ ላይ የሚገኘውም በዚህ ጊዜ ነው። በመነሻው ጥያቄ ያነሣናት ኤሊ እግሯ ቆዳማ፣ ጀርባዋ ጠፍጣፋ ከሆነ መንገደኛ እንጂ የጠፋች አይደለችም። ማድረግ ያለብን ወደምትሄድበት አቅጣጫ ከመንገዱ ዳር አሻግሮ መተው ብቻ ነው።

የዚህ ወገን ታሪክ ስለ ስሞችም ያስተምረናል። ጀርመናዊው ተጓዥ ኤድዋርድ ሩፕል እ.ኤ.አ. በ1835 ስለ አቢሲኒያ እንስሳት ባሳተመው ሥራ ከዚህ ወገን ለአንዱ ጌሃፊዬ የሚል ስም ሰጥቶ ነበር። ቆይቶ ግን ሊቃውንቱ በመላው አፍሪቃ ያለው ሁሉ አንድ ዝርያ ነው ብለው ስሙን ተዉት። እ.ኤ.አ. በ2014 የታተመ የዘረ መል ጥናት አንድ ይባል የነበረው ቢያንስ አሥር ዝርያዎች እንደ ሆነ አሳየ፤ የሩፕልም ስም ተመለሰ። አንድ ስም ብዙ ኑሮን የሚሸፍነው በአማርኛችን ብቻ አይደለም፤ በሳይንሱም ለዘመናት እንዲሁ ነበር።

ቅርፊት አገሩን ይናገራል

ቻርልስ ዳርዊን እ.ኤ.አ. በ1835 ጋላፓጎስ ሲደርስ፣ የደሴቶቹ ምክትል ገዥ የነበረው ላውሰን ኤሊን ብቻ አይቶ ከየትኛው ደሴት እንደ መጣ መናገር እንደሚችል ነግሮታል። ዝናብ በሚያገኙና ሣራቸው በለመለመ ደሴቶች የሚኖሩት ቅርፊታቸው እንደ ጉልላት ክብ ነው። በደረቅ ደሴቶች ያሉት ግን ምግባቸው ከፍ ብሎ የሚበቅል ቁልቋል ስለ ሆነ፣ አንገታቸውን ወደ ላይ ለመዘርጋት የቅርፊታቸው ፊት እንደ ኮርቻ ተነሥቷል።

ከእነዚህ ደሴቶች አንዷ ኤስፓኞላ ትባላለች። በሰው እጅ የገቡ ፍየሎች ሣሩንና ቁልቋሉን ስላራቆቱት እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ ከደሴቷ የተሰበሰቡት ኤሊዎች 14 ብቻ ነበሩ፤ በኋላ ከአንድ የአሜሪካ መካነ እንስሳት አንድ ወንድ ተጨመረላቸው። ግልገሎቻቸው ወደ ደሴቷ ተመልሰው መራባት ቻሉ፤ እነዚያ 15 ወላጆችም እ.ኤ.አ. በ2020 ወደ አገራቸው ገቡ። ነገር ግን ከዚህ ሁሉ አስቀድሞ ወይም ጎን ለጎን መሠራት የነበረበት አንድ ሥራ ነበር፤ ፍየሎቹን ከደሴቷ ማስወጣትና ቁልቋሉ እንዲያገግም ማድረግ። ኤሊ ማርባት ቀላሉ ክፍል ነው። የሚመለስበትን አገር ማዘጋጀት ግን ከባድ ነው።

ወደ ቆጋ ስንመለስ

የቆጋ ግድብና መስኖ 7,000 ሄክታር መሬት እንዲያለማ የታቀደ ነው። በመራዊ ዙሪያ ያለው ገበሬ በበጋ እንዲያመርት ማስቻሉ ትልቅ በረከት ነው፤ ይህን ማንም አይክድም። ነገር ግን መስኖ የውኃን የዓመት ዑደት ይለውጣል። ቀድሞ በበጋ ይደርቅ የነበረው ውኃ ያገኛል፣ ቀድሞ ረግረግ የነበረው ታርሶ ማሳ ይሆናል ወይም ባሕር ዛፍ ይተከልበታል። በጭቃ ተቀብሮ ለሚያንቀላፋና ዳሩን ቆፍሮ እንቁላል ለሚቀብር እንስሳ ይህ ለውጥ የሕይወትና የሞት ጉዳይ ነው።

ስለዚህ ገንዘብ የማይጠይቁ ሦስት ነገሮችን ላስገንዝብ። አንደኛ፣ ማሳው እስከ ኩሬው ከንፈር ድረስ ባይታረስ፣ ጥቂት ክንድ የሣር ዳር ቢተው፣ ለኤሊም፣ ለእንቁራሪትም፣ ደለልን ለመያዝም ይጠቅማል። ሁለተኛ፣ የሌሊት ማጠራቀሚያ ኩሬዎችና ቦዮች ደለል ሲጠረግላቸው፣ በወጣው ጭቃ ውስጥ ሕያው ነገር መኖሩን ማየት ያስፈልጋል። ሦስተኛ፣ ግድግዳው ቀጥ ያለ የሲሚንቶ ቦይ ውስጥ የወደቀ ትንሽ እንስሳ መውጫ ስለሌለው፣ በየርቀቱ ድንጋይ ደርድሮ ተዳፋት መውጫ ማበጀት ይቻላል።

ለተማሪዎቻችን ደግሞ ይህ ሰፊ የምርምር ሜዳ ነው። የመጀመሪያው ዝናብ በሚወርድባቸው ቀናት በየኩሬውና በየቦዩ ዳር እየተመላለሱ፣ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ከፍታውን፣ የእግሩንና የደረቱን ቅርፊት መልክ በፎቶግራፍ መመዝገብ ያለ ውድ መሣሪያ የሚሠራ ነው። ለዚህም እንስሳውን ወደ ቤት መውሰድ አያስፈልግም። የዱር እንስሳትን የሚመለከተው አዋጅ ቁጥር 541/1999 እንስሳትን ያለ ፈቃድ መያዝን ይከለክላል፤ አገራችንም የዱር እንስሳትን ዓለም አቀፍ ንግድ የሚቆጣጠረው የሳይተስ ስምምነት አባል ናት።

በመጨረሻም፣ «ቆላ ተወልዶ እዚህ የመጣ ኤሊ በግቢያችን ሰላም ይኖራል» የሚል ክርክር ብዙ ጊዜ እሰማለሁ። በከተማ ግቢዎችና በሆቴል አጸዶች ነብርማውን ኤሊ ማየት እንግዳ ነገር አይደለም። መኖርና አለመሞት ግን ይለያያሉ። ኤሊ ረኃብንም ብርድንም ለረጅም ጊዜ በዝምታ ይታገሣል፤ አይጮኽም፣ አያነክስም፣ አይከሳም ቢባል ቅርፊቱ ስለሚሸፍነው ነው። በብርድ አፈር ላይ የተቀበረ እንቁላሉ ካልተፈለፈለ፣ ያ ኤሊ ምንም ያህል ዕድሜ ቢቆጥር የዘሩ የመጨረሻ ነው።

ከዓለም የኤሊ ዝርያዎች ከግማሽ በላይ የሚሆኑት የመጥፋት አደጋ ያንዣበበባቸው ናቸው። ከ200 ሚሊዮን ዓመት በላይ ስንቱን ዘመን ተሻግረው የመጡ እንስሳት እኛ ዘንድ ሲደርሱ የሚያልቁት፣ ቅርፊታቸው ደክሞ ሳይሆን አገራቸው ስለ ተወሰደ ነው። ስለዚህ ኤሊ ስታገኙ አስቀድማችሁ እግሩን ተመልከቱ፤ የማን አገር ሰው እንደ ሆነ ይነግራችኋል። ከዚያም በአገሩ ተዉት።